ከሰልባጅ ኮት የወጣ ስም

ቤተሰቦቼ ይህን እንድጽፍ የፈቀዱልኝ የማንንም ስም እንዳልጠራ ቃል አስገብተው ነው። ስለዚህ እዚህ ውስጥ አባቴ አባባ ናቸው፤ ወንድሜ ወንድሜ ነው፤ ሚስቱ የወንድሜ ሚስት ናት፤ የእሷ አባት ደግሞ አባባ ከሰርጉ ወዲህ እንደሚጠሯቸው «የቤቴሉ ሰውዬ» ናቸው። ሳልጠራው የማላልፈው ስም አንድ ብቻ ነው። እሱንም የፈቀዱልኝ ያለ እሱ የሚወራ ነገር እንደሌለ ስለገባቸው ነው። አልፍሬድ። የወንድሜ ልጅ ነው፤ ገና ጥርስ አላበቀለም።

ነገሩ የሚጀምረው ግን አልፍሬድ ሳይታሰብ ነው። እኛ ከጎጃም የሚመዘዝ ዘር ያለን ኦርቶዶክሶች ነን። አባባ ከአውቶቡስ ሹፌርነት ጡረታ ከወጡ ጀምሮ ቅዳሴ አያመልጣቸውም። የወንድሜ ሚስት ቤተሰቦች ጴንጤዎች ናቸው፤ እቤታቸው አንዱን ዓረፍተ ነገር በኦሮምኛ ጀምረው በአማርኛ ይጨርሱታል። አባቷ ቤቴል ውስጥ የቀለምና የቧንቧ ዕቃ ሱቅ አላቸው፤ በቤተ ክርስቲያናቸው ደግሞ ሽማግሌ ናቸው።

ሰርጉ በሰላም አለፈ። የተበላሸው በቅልቅሉ ቀን ነው፤ ሁለቱ ቤተሰቦች ይቀላቀሉ ተብሎ ዓለም ባንክ ሰፈር በሚገኘው የአባባ ግቢ በተደገሰው ድግስ ላይ። ምግቡ ቀረበ፤ አባባ የጠሯቸው ቄስ ባረኩ፤ አሜን ብለን እጃችንን ስንዘረጋ የቤቴሉ ሰውዬ ተነሡና «እኛም እንጸልይ» አሉ። ማን እምቢ ይላል? እጃችንን ሰበሰብን። ለሙሽሮቹ ጸለዩ። ለአገር ጸለዩ። ለታመሙ፣ ለታሰሩ፣ መንገድ ላይ ላሉ ጸለዩ። ወጡ ላይ ቅቤው ረግቶ ነጣ። ዞረው እንደገና ወደ ሙሽሮቹ ሲመለሱ አባባ ጎረቤት በሚሰማው ሹክሹክታ፣ «እግዚአብሔር እኮ አንዴ ሲነገረው ይሰማል» አሉ።

የቤቴሉ ሰውዬ ጸሎታቸውን በአሜን ዘጉ፤ አንድ ጉርሻ ሳይቀምሱ ኮፍያቸውን አንሥተው ወጡ። የውጪው በር ላይ ሲደርሱ ዞር አሉና «ይህን በር ሁለተኛ አልረግጥም» አሉ። ተናግረው የሚያጥፉ ሰው አይደሉም፤ ሁላችንም አመንናቸው። አባባም «በሩም አይናፍቃቸውም» ብለው የቀዘቀዘውን ወጥ በሉ።

ወንድሜና ሚስቱ የሚኖሩት እዚያው አባባ ግቢ፣ ከጀርባ ባለው ሰርቪስ ውስጥ ነው። ስለዚህ የማይረገጠው በር የእነሱም በር ሆነ። የወንድሜ ሚስት ስታረግዝ የተመኘችው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ አባቷ መጥተው ልጇን እንዲያቅፉላት። እናቷ እንደሆኑ ይመጣሉ። አባቷ ግን ሚስታቸውን በመኪና እስከ በራችን ያደርሱና ሞተር ሳያጠፉ ይመለሳሉ። ከወለደች በኋላ ወንድሜ «ለምን ልጁን ይዘን እኛ አንሄድም?» ቢላት ዓይኗ ቀላ። «አራስ ትጠየቃለች እንጂ ሰው አትጠይቅም። ልጄን ታቅፌ የአባቴን ደጅ አልጠናም» አለች። ግትርነቱን ከማን እንደወረሰችው መጠየቅ አያስፈልግም። ማታ ማታ ግን መኪና በቆመ ቁጥር ጆሮዋን ስትቀስር ሳያት አንጀቴን ትበላኝ ነበር።

አሁን ወደ ስሙ። በእኛ ሰፈር አንድ ሰው ስሙን ሲናገር የት እንደሚያስቀድስ ወይም የት እንደሚዘምር አብሮ ተናገረ ማለት ነው። በገብረ ወይም በኃይለ ብንጀምር ቤቴል ይቆጣል፤ በኦሮምኛ የጌታን ጸጋ የሚያነሣ ስም ብናወጣ አባባ ይኮርፋሉ። የክርስትናውን ጦርነት እዚህ አላነሣውም፤ እሱ ስም ሳይጠራ የሚወራ አይደለም። ብቻ ሁለቱ ወላጆች ከማንም ወገን ያልሆነ ስም ፍለጋ ወራት ፈጁ።

ስሙ የተገኘው ሰልባጅ ውስጥ ነው። የወንድሜ ሚስት ሆዷ ገፍቶ ወንድ ነው ከተባለች በኋላ አየር ጤና ሄዳ ከሰልባጅ ክምር ውስጥ አንዲት ትንሽ ሰማያዊ የሱፍ ኮት አወጣች። አንገቱ ሥር ነጭ ቁራጭ ጨርቅ ተሰፍቶበታል፤ ጨርቁ ላይ በቀይ ክር አልፍሬድ የሚል ተጠልፏል። እንግሊዝ አገር እናቶች የልጃቸው ልብስ ትምህርት ቤት እንዳይቀያየር ስሙን እንዲህ ይሰፉበታል አሉ። ወንድሜ ሊተረትረው ምላጭ ሲያነሣ እጁን ያዘችው። «ተወው» አለች። «የአንተም አባት ወገን አይደለም፣ የእኔም አባት ወገን አይደለም።» በዚያው ተወሰነ። አባባ የመጀመሪያ የልጅ ልጃቸው ስም ከሰልባጅ መገዛቱን እስከ ዛሬ አያውቁም፤ ይህን ሲያነቡ ያውቃሉ።

የቀረው ትርጉሙ ነው። ሐበሻ ስም ሲነገረው «ደስ ይላል» ብሎ አያልፍም፤ «ትርጉሙ ምንድን ነው?» ይላል። እንግሊዞች ይህን እርስ በርስ የሚጠያየቁ አይመስለኝም፤ ቢጠያየቁ ኖሮ አልፍሬድ የሚባል ሰው ባልተረፈ። እኔ ዩኒቨርሲቲ እንግሊዝኛ ስላጠናሁ በቤታችን ከመድኃኒት ብልቃጥ እስከ ፍሪጅ መመሪያ ድረስ ማንበብ የእኔ ሥራ ነው። «አባባ ሳይጠይቁ ትርጉሙን ፈልጊልን» ተባልኩ፤ ፈለግሁ። ዓሣ ጎርጓሪ ዘንዶ ያወጣል።

ስሙ ከሁለት የጥንት እንግሊዝኛ ቃላት የተገጠመ ነው። ሁለተኛው ምክር ማለት ነው፤ እሱ እሰየው ነው። ችግሩ ፊተኛው ነው። የጥንት እንግሊዞች በጫካና በጉብታ ውስጥ የሚኖሩ፣ በዓይን የማይታዩ ፍጥረታት አሉ ብለው ያምኑ ነበር። ደስ ሲላቸው ጥበብ ይሰጣሉ፤ ሲከፋቸው ሰውንም ከብትንም በማይታይ ፍላጻ ይወጋሉ። እኛ ልክፍት የምንለው ማለት ነው። የእኛን ጅን፣ ቆሌና አድባር አንድ ድስት ውስጥ ብትጨምሩ እነሱ ይወጣሉ። ባጭሩ ወንድሜ ልጁን «ጅን የመከረው» ብሎ ሊጠራ ነበር።

ይህን ስነግረው ወንድሜ ሄዶ በሩን ዘጋ። «ለአባባ ምክሩን ብቻ ንገሪያቸው» አለኝ።

«ጅኑንስ?»

«ጅኑ እዚያው እንግሊዝ አገር ይቅር።»

አባባን ቁርስ ላይ አገኘኋቸው። «አልፍሬድ» ስላቸው ቃሉን አፋቸው ውስጥ አገላበጡት። ከልጁ ስም ቀጥሎ የወንድሜ፣ ከዚያ የእሳቸው ስም ይመጣል፤ የእሳቸው ደግሞ ረጅም፣ ከባድ፣ የአገር ቤት ስም ነው። «በሬና ብስክሌት ልትጠምዱ ነው?» አሉኝ። ከዚያ፣ እንደማይቀረው፣ «ለመሆኑ ትርጉሙ ምንድን ነው?»

«መካሪ፣ ጥበበኛ እንደማለት ነው» አልኩ። ከዚያ ሳይጠይቁኝ ታሪኩን ጨመርኩላቸው፤ ታሪክ ይወዳሉ። በዚህ ስም የሚጠራ የጥንት እንግሊዝ ንጉሥ ነበረ። ጠላት አገሩን ሲወርበት ሸሽቶ ረግረግ ውስጥ ከአንድ እረኛ ጎጆ ተሸሸገ። የእረኛው ሚስት ማንነቱን አታውቅምና «እሳቱ ዳር ያለውን ቂጣ ጠብቅልኝ» ብላው ወጣች። እሱ ስለ ጦርነቱ ሲያስብ ቂጣው አረረ፤ ስትመለስ ያልሰደበችው ስድብ አልቀረም።

አባባ ስኒያቸውን አስቀመጡ። «ንጉሡ ምን አላት?»

«ዝም አለ ይባላል።»

«ትልቅ ሰው ነው» አሉ ራሳቸውን እየነቀነቁ። «ጥፋቱን አውቆ ዝም የሚል ንጉሥ ከየት ይገኛል?»

ከዚያ በኋላ ከፈረንሳይ በኩል የመጡ ገዢዎች የራሳቸውን ስሞች እንዳመጡ፣ አልፍሬድም ለብዙ መቶ ዓመታት እንደተረሳ፣ ኋላ እንደገና ፋሽን ሆኖ፣ ከዚያ የሽማግሌ ስም ሆኖ፣ አሁን ደግሞ እዚያ አገር ለሕፃን መውጣት እንደጀመረ ነገርኳቸው። «እንደ አውቶቡስ መስመር ነዋ» አሉ። «ያቋርጡታል፤ ሕዝቡ ሲጮኽ መልሰው ይከፍቱታል።» ስሙ ጸደቀ። በሳምንቱ ዕድር ላይ ሲያወሩት ሰማሁ፤ ንጉሡ ጾመኛ ሆኗል፤ ቂጣውም ያረረው ጸሎት ላይ ሳለ ነው። አላረምኳቸውም፤ በእሳቸው አፍ ይበልጥ ያምር ነበር።

ልጁ ተወለደ፣ ፈገግ ማለት ጀመረ፣ አንገቱን አቀና። የቤቴሉ ሰውዬ ሞተር ሳያጠፉ መምጣትና መመለሳቸውን ቀጠሉ። የወንድሜ ሚስት ስለ አባቷ ማውራት ተወች። ይህ ነው ያስፈራኝ፤ የእሷ ቁጣ ሲቆም ነገሩ እንደሚደርቅ አውቃለሁ።

አንድ ቀን ለሰርቪሱ ግድግዳ ቀለም ልገዛ ብዬ ቤቴል ወረድኩ። ቀለም ዓለም ባንክም ሞልቷል። እኔ የፈለግሁት ሰውየውን በቅርብ ማየት ነው። ሰላምታቸው ጨዋ ነበር፣ አጭርም ነበር። ስለ ልጃቸው አልጠየቁም፤ ስለ ሕፃኑም አልጠየቁም። አንድ ቆርቆሮ አንሥተው፣

«ግድግዳው እርጥበት አለው?» አሉኝ።

«ትንሽ አለው።»

«ከላይ ነው ከታች?»

«ከታች፣ አልጋው በኩል።»

ቆርቆሮውን መልሰው አስቀመጡት። «እንዲህ ከሆነ ይኼ አይሆንም። መጀመሪያ እርጥበት የሚያግደው ይቀባ። ሕፃን ደረቱን ይይዘዋል።» ሌላውን ቆርቆሮ ከፍተው በእንጨት ማማሰል ጀመሩ። ከሚገባው በላይ ረጅም ጊዜ አማሰሉ። ያን ጊዜ ገባኝ፤ እኚህ ሰው መምጣት አምሯቸዋል፣ የሚመጡበት ምክንያት ነው የጠፋቸው። ለደስታ እንዳይመጡ ቃላቸው አለ። ለእርቅ እንዳይመጡ የአባባ ምላስ አለ።

ቀና ሳይሉ «አልፍሬድ ነው አሉ የሚባለው። ባለቤቴ ነገረችኝ» አሉ።

«አዎ።»

«ትርጉሙ ምንድን ነው?»

መካሪ ማለት ነው ልል አፌን ከፈትኩ። ከዚያ የሚያማስለውን እጃቸውን አየሁና ሌላ ሐሳብ መጣልኝ። ሽማግሌ ናቸው፤ ለምርቃት ባይመጡም ለሰይጣን ይመጣሉ።

«ምክር አለበት» አልኩ።

«ጥሩ ነው። የማን ምክር?»

በረጅሙ ተነፈስኩ። «እሱን ባልናገር ይሻላል።»

«ተናገሪ ልጄ።»

«የጅን» አልኩ።

እንጨቱ ቀለሙ ውስጥ ቆመ። «የማን አልሽ?»

ሁሉንም ነገርኳቸው። ጫካውን፣ ጉብታውን፣ ፍላጻውን ጭምር፤ አንዴ ከጀመርኩ ምን አስቀራለሁ? አንዲት ቃል ውሸት የለበትም፤ መጽሐፍ ላይ ያለው እሱ ነው። «አባትሽ ይህን ያውቃሉ?» አሉኝ። «እንዴት ብለው» አልኩ አንገቴን ደፍቼ። ቀለሙን ሳልይዝ ወጣሁ፤ ታክሲ ውስጥ ብቻዬን ስስቅ ረዳቱ ገላመጠኝ።

በማግሥቱ ከሰዓት በራችን ተንኳኳ። አባባ ከፈቱ። የቤቴሉ ሰውዬ በአንድ እጃቸው መጽሐፍ ቅዱስ፣ በአንድ እጃቸው የእርጥበት መከላከያውን ቆርቆሮ ይዘው ቆመዋል። የመኪናው ሞተር ጠፍቷል።

«ይህን በር አልረግጥም ብዬ ነበር» አሉ።

«ብለው ነበር» አሉ አባባ።

«የመጣሁት ለእናንተ አይደለም፤ ለሕፃኑ ነው። ልጁን በመንፈስ ስም ጠርታችሁታል።»

«የምን መንፈስ?»

እዚያው በሩ ላይ አስረዷቸው። ፍላጻው ላይ ሲደርሱ አባባ አማተቡና ወደ እኔ ዞሩ። «አንቺ! መካሪ ነው አላልሽኝም?»

«መካሪም ነው አባባ። መካሪው ማን እንደሆነ መቼ ጠየቁኝ?»

ከዘራቸውን በቅርብ ባላገኙት ጊዜ ወደ እንግዳው ተመለሱ። «ስምን መልአክ ያወጣዋል ሲባል ነው የማውቀው» አሉ። «ጅን ያወጣዋል ሲባል ሰምቼ አላውቅም።»

«እኔም አልሰማሁም» አሉ የቤቴሉ ሰውዬ።

ከሰርጉ ወዲህ ሁለቱ የተስማሙበት የመጀመሪያው ነገር ይህ ነው። አባባ በሩን ወለል አድርገው ከፈቱ፤ ሰውየው ገቡ፤ ረገጡት።

ከዚያ የሆነውን ወንድሜ ሥራ ላይ ስለነበር አላየም፤ እስከ ዛሬ ይቆጨዋል። አባባ ወደ ውስጥ ሮጠው በፕላስቲክ ጠርሙስ ያለ ጸበል ይዘው ወጡ። የቤቴሉ ሰውዬ ጠርሙሱን አዩ፤ ቆርቆሮውን መሬት ላይ አስቀመጡ። ጸበል በእሳቸው ቤት ምን እንደሚባል ሁላችንም እናውቃለን። «እርስዎ ይጸልዩ፣ እኔ እረጫለሁ» አሉ አባባ። «ብቻ መነጽርዎን ይያዙ።»

የወንድሜ ሚስት ድምፅ ሰምታ ልጁን ታቅፋ በሰርቪሱ በራፍ ላይ ብቅ አለች። አልፍሬድ ሰማያዊ ኮቱን ለብሷል። አባቷን ስታይ የልጁን ፊት ወደ እሳቸው አዞረችው። ሰውየውም ቆመው ቀሩ። መጽሐፉን ከአንዱ ብብት ወደ ሌላው ያዛውራሉ፤ አንድ እርምጃ ግን አይራመዱም። ይህ ሁሉ ድካሜ እዚህ ላይ ሊቀር ነው አልኩ በልቤ።

«ሳያቅፉት እንዴት ይሆናል?» አልኳቸው። «እጅ ይጫንበት የለ?»

«አዎ» አሉ ቶሎ ብለው። «እጅ መጫን አለበት።» መጽሐፉን ለአባባ ሰጡና ልጁን ተቀበሉ።

በእጃቸው ጥፍር ዙሪያ ቀለም ደርቋል። ጸሎቱን በሽማግሌ ድምፅ ጀመሩ፤ ያን መንፈስ ገሠጹት፤ አልፍሬድን ልቀቅ፣ ከአልፍሬድ ራቅ፣ አልፍሬድን አትንካ እያሉ ስሙን ደጋግመው ጠሩት። ሲጨርሱ ከቤታችን ሰው ሁሉ አጥርተው የሚጠሩት እሳቸው ሆኑ። አባባ ከጎን ሆነው አሜን እያሉ ይረጫሉ፤ ከጸበሉ ገሚሱ የሰውየው ኮሌታ ላይ አረፈ። መሐል ላይ ልጁ እጁን ሰዶ መነጽራቸውን ጎተተ። ጸሎቱ ተደነቃቀፈ፤ ከዚያ ወደ ኦሮምኛ ዞረ፤ ድምፁም ዝቅ አለ። እኔ ከዚያ ውስጥ የሰማሁት «ኢልማ ኮ» የሚለውን ብቻ ነው፤ ልጄ ማለት ነው። የወንድሜ ሚስት ሁሉንም ስለሰማች በነጠላዋ ፊቷን ሸፈነች።

«አሜን» አሉ በመጨረሻ። ሁላችንም አሜን አልን። እሷ ልጇን ለመቀበል እጇን ዘረጋች።

«ቆዪ» አሉ። «አልጨረስኩም።»

ጨርሰዋል። አሜን ብለዋል። አፋቸው እንኳን አይንቀሳቀስም፤ የልጁን ጆሮ ዝም ብለው ያያሉ። አባባ የጠርሙሱን ክዳን ዘጉት፤ መልሰው ከፈቱት።

«እስቲ ይድገሙት» አሉ። «አንዴ በቂ አይመስለኝም።»

የቤቴሉ ሰውዬ ቀና አሉ። «እግዚአብሔር አንዴ ሲነገረው ይሰማል አላሉም ነበር?»

«እሱማ ይሰማል» አሉ አባባ። «የማይሰማው ጅኑ ነው።»

ሰውየው ሳቃቸው አመለጣቸው። ልጁ ደንግጦ ዓይኑን አፈጠጠ፤ ከዚያ እሱም ሳቀ። አባባ መጽሐፍ ቅዱሱን በብብታቸው እንደያዙ ወንበር አወጡላቸው።

ስሙን እንቀይረው ያለ የለም። ቢቀየር ምን ብለው ይመጣሉ? አሁን ቅዳሜ ቅዳሜ ሱቃቸውን በጊዜ ዘግተው ይመጣሉ። የሰርቪሱን ግድግዳ ራሳቸው ቀቡት፤ አባባ መሰላል ይዘው ከሥር ሆነው ቀኝና ግራ እያሉ አዘዟቸው። ምሳ ሲቀርብ ሁለት ጸሎት አለ፤ ወጡ ይቀዘቅዛል፤ አባባ ጸጥ ይላሉ። ቂጣው ያረረባቸው ንጉሥ ይመስላሉ።

ሲመሽ የወንድሜ ሚስት አባቷን እስከ በሩ ትሸኛለች። ሁልጊዜ እዚያ ስትደርስ በቁም ነገር ፊት «አባዬ፣ ለቀቀው?» ትላቸዋለች። እሳቸውም ጎንበስ ብለው አልፍሬድን በደንብ ያዩታል፤ የኮቱን የላይኛ ቁልፍ ይቆልፉለታል።

«ገና ነው» ይላሉ። «ቅዳሜ እመጣለሁ።»